አምስተኛዋ ልጅ

እንግዲህ አዳምጡኝ፤ የምነግራችሁ የአንድ ከባድ መኪና ሾፌር ቤተሰብ ነገር ነው። ሰውዬው ጉልበቱን በአሰብ መንገድ ላይ የጨረሰ ነው፤ ከአዲስ አበባ ይነሣና ደብረ ብርሃንን አልፎ፣ የጣርማ በርን ጉም በመብራት እየገለጠ፣ ደብረ ሲና ወርዶ እህል ቀምሶ፣ ማታ ኮምቦልቻ ገብቶ ያድራል፤ በማግስቱም በባቲ አድርጎ ወደ አፋር ቆላ ይወርዳል። ኮምቦልቻም ማደሪያ ብቻ ሆና አልቀረችም፤ አንዲት ሴት ልጅ ተወለደችለት።

ከዚያ 1990 ዓ.ም. መጣ፤ ከኤርትራ ጋር ጦርነት ተነሣ፣ የአሰብ መንገድ ተዘጋ፣ ጭነቱ ሁሉ ወደ ጅቡቲ ዞረ፣ የእሱም መኪና በአዋሽ በኩል መመላለስ ያዘና ኮምቦልቻ ከመንገዱ ወጣች። ልጅቱ ያን ጊዜ ተማሪ ነበረች። ገንዘብ በሰው እጅ ይልክላታል፤ መምጣቱ ግን እየሳሳ ሄዶ ቀረ።

ዓመታት አለፉና ሾፌሩ አረፈ። አዲስ አበባ ያሉት ሚስቱና አራት ልጆቹ አልቅሰው ቀበሩት፤ ልጆቹም ከከተማው ፍርድ ቤት የወራሽነት ማስረጃ አወጡ፤ ወረቀቱ ላይ አራት ስም ሰፈረ። ብዙም ሳይቆይ ሦስተኛው ልጅ ከአባቴ ቤት ድርሻዬን ልውሰድ ብሎ ወንድም እህቶቹን፣ እናቱንም ጭምር ከሰሰ። ቤቱ በትዳር የተሠራ ነውና ግማሹ የእናት ነው፤ የቀረው ለአራት ሲካፈል ለእያንዳንዱ አንድ ስምንተኛ ይደርሰዋል። መጠየቅ መብቱ ነው፤ እናትን ችሎት ማቆም ግን፣ እናንተም ታውቁታላችሁ፣ አንጀት ያሳርራል።

ወሬውን ኮምቦልቻ ያደረሰው የሟቹ የድሮ ረዳት ነው። ልጅቱ፣ ዛሬ እሷም የልጆች እናት ናት፣ ጎሕ ሳይቀድ አውቶቡስ ተሳፈረች፤ የሰኔ ዝናብ መስኮቱን እየመታ፣ ጣርማ በር ላይ አውቶቡሱ በጉም ውስጥ እያዘገመ፣ እሷ ጭኗ ላይ አንድ ፌስታል አቅፋ ትጓዛለች። ፌስታሉ ውስጥ የትምህርት ቤት ካርዷና አንድ ፎቶ አለ፤ ፎቶው ላይ ሰውዬው የመኪናው ጎማ ላይ ተደግፎ፣ የፊት ጥርሷ የወለቀ ሕፃን በአንድ ክንዱ ታቅፏል።

ጠበቃ ማመልከቻ ጻፈላት፤ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 41 መሠረት ጣልቃ ልግባ ብላ በቃለ መሃላ አስደግፋ አቀረበች። ልጆቹ «አናውቃትም፤ ወራሽ ከሆነች ማስረጃዋን ይዛ ትምጣ» አሉ። ዳኛዋ ግን አርቀው አዩ። እሷ ሳትሰማ ቤቱ ቢካፈል፣ ፍርዱ ሳይፈጸም በቁጥር 358 መቃወሚያ ይዛ ትመጣለች፤ ያ ሁሉ ቀጠሮና ወጪ እንደገና ሀ ተብሎ ሊጀመር ነው። ስለዚህ ትግባ ተባለ። ልብ በሉ፣ ትግባ ማለት ወራሽ ናት ማለት አይደለም፤ የመናገሪያ ቦታ አገኘች እንጂ ከቤቱ አንዲት ጡብ አልተሰጣትም።

ከዚያም እናትየው መልሳቸውን አቀረቡ። «አላውቃትም ብዬ አልዋሽም፤ ባለቤቴ ነግሮኛል። የትምህርት ቤት ልብሷን ከመርካቶ የገዛሁት እኔ ነኝ» አሉ። ችሎቱ ጸጥ አለ፤ ከሳሹም አንገቱን ደፋ።

የእናት ቃል ግን ሌሎቹን አያስርምና፣ የልጅነቷ ጥያቄ ማስረጃውን ወደ ሰጠው ፍርድ ቤት ሄደ፤ የክፍፍሉም መዝገብ እስኪወሰን ቆመ። ረዳቱ ምርኩዙን ተደግፎ ቀረበና፣ ኮምቦልቻ በደረሱ ቁጥር ሾፌሩ እጁን ታጥቦ፣ ንጹሕ ሸሚዝ ቀይሮ «ልጄን አይቼ ልምጣ» ይል እንደነበር መሰከረ፤ ጎረቤቶቿም ልጁ መሆኗን ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል አሉ። ከጋብቻ ውጭ ተወለደች ተብሎም ድርሻዋ አይቀነስም፤ ይህን የ1952ቱ ፍትሐ ብሔር ሕግ ከጻፈው ቆይቷል። የቀድሞው ማስረጃ ተሰረዘ፣ አምስት ስም ያለበት ወጣ፣ አንድ ስምንተኛውም አንድ አሥረኛ ሆነ።

ቤቱ ተቆርሶ የሚካፈል አልነበረምና፣ ሐራጅ ከሚወጣ ብለው ተስማሙ፤ ግምቱ ተሠራ፣ እናት እዚያው ቤታቸው ቀሩ፣ የታናናሾቹን ድርሻ ታላቅየው በገንዘብ ሊከፍል ፈረመ፤ ከሳሹና ከኮምቦልቻ የመጣችው እኅቱም እኩል እኩል፣ በአንድ ቀን፣ በአንድ ጠረጴዛ ላይ ፈርመው ወሰዱ።