ኢብን አን-ነፊስና የልብ በሮች

የግሪኩ ሐኪም ጋሌን ደም ከቀኙ የልብ ክፍል ወደ ግራው የሚያልፈው በመካከል ባለው ግድግዳ፣ ለዓይን በማይታዩ ቀዳዳዎች ነው ብሎ ነበር። ቃሉ ከሺህ ዓመት በላይ ሲታመን ኖረ። በደማስቆ ተምሮ በካይሮ ያከመው ኢብን አን-ነፊስ (ረሒመሁላህ) ግን በ1242 እ.ኤ.አ. በኢብን ሲና «ቃኑን» ላይ በጻፈው ማብራሪያ፣ ግድግዳው ድፍን ነው፤ ደሙ በሳንባ ዞሮ፣ ከአየር ጋር ተገናኝቶ ነው ወደ ግራ የሚመጣው አለ። ይህ ሰው የሻፊዒ ፊቅህም አስተማሪ ነበር። በ1288 ሲሞት ቤቱንና መጻሕፍቱን ለመንሱሪ ሆስፒታል ተወ። ዓለም ግኝቱን በሰፊው ያወቀው ግን ግብጻዊው ሐኪም አት-ጠጣዊ በ1924 ጀርመን አገር የመመረቂያ ጽሑፉን ሲያቀርብበት ነው። ስንት ዘመን ተኝቶ ኖረ!

በዚህ ጉዞ ደሙ ወደ ኋላ እንዳይመለስ የሚጠብቁት የልብ በሮች፣ ቫልቮች፣ ናቸው። በአገራችን ብዙ ልጆችና ወጣቶች ልባቸውን የሚታመሙት እነዚህ በሮች ተበላሽተው ነው። መነሻው ደግሞ ብዙዎቻችን የምንንቀው የጉሮሮ ሕመም ነው። በባክቴሪያ የመጣ የጉሮሮ ቁስለት ሳይታከም ሲቀር፣ በአንዳንድ ልጆች ላይ የገላቸው መከላከያ ዞሮ መገጣጠሚያንና ልብን ይወጋል። እንጥል ማስቆረጥ ይህን አያስቀርም። ፔኒሲሊን ግን በጊዜው ከተሰጠ እንደሚያስቀር በ1950 በአሜሪካ አየር ኃይል ወታደሮች ላይ በተደረገ ጥናት ታውቋል።

ልቡ አንዴ የተነካ ልጅ በየ3 ወይም በየ4 ሳምንቱ መርፌ ይወጋል፤ ይህም ለዓመታት ነው። እናትና አባት ሆይ! ልጁ ተሽሎት ሲሮጥ አይታችሁ መርፌውን አታቋርጡበት፤ ሕመሙ በተመለሰ ቁጥር በሮቹን ይበልጥ ያበላሻል፤ ከዚያ በኋላ የሚቀረው የልብ ቀዶ ሕክምና ነው።