የብራውዘር ኩኪ ዕድሜ የሚወሰነው እንዴት ነው?

ኩኪ ድረ ገጾች ተጠቃሚያቸውን ለማስታወስ በብራውዘር ላይ የሚያስቀምጡት አነስተኛ መረጃ ነው። እ.አ.አ በ1994 የኔትስኬፕ ባለሙያው ሉ ሞንቱሊ የፈጠረው ይህ መረጃ የሚያበቃበትን ጊዜ የሚወስነው የድረ ገጹ አልሚ ነው።

«ኤክስፓየርስ» የተሰኘው ትዕዛዝ ቀንና ሰዓት ይጠቅሳል፤ «ማክስ-ኤጅ» ደግሞ ዕድሜውን በሰከንድ ይለካል፤ 86,400 አንድ ቀን ማለት ነው። ሁለቱም ከተሰጡ ብራውዘሩ ለ«ማክስ-ኤጅ» ቅድሚያ ይሰጣል። ክሮም እ.አ.አ ከ2022 ጀምሮ ከ400 ቀናት በላይ አይፈቅድም።

አንዳቸውም ካልተጠቀሱ ኩኪው ብራውዘሩ ሲዘጋ ይጠፋል ተብሎ ይጠበቃል። ሆኖም ብራውዘሩ ቀድሞ የተከፈቱ ገጾችን መልሶ ሲከፍት ኩኪውም አብሮ ሊመለስ ይችላል። በኢንተርኔት ካፌ ከአካውንቱ ሳይወጣ ገጹን ብቻ ዘግቶ የሄደ ሰው፣ አካውንቱን ለቀጣዩ ተጠቃሚ ክፍት ትቶ ሊሆን ይችላል።