ጽሑፍና ጎተራ

የጽሑፍ አጀማመር ሲነሳ ብዙዎች የሚያስቡት የነገሥታትን ገድል ነው። በደቡብ ኢራቅ፣ በጥንቷ ሱመር፣ ከ5,000 ዓመታት በፊት በጭቃ ሰሌዳ ላይ የሰፈረው ግን በአብዛኛው የእህል፣ የበግና የጠላ ሂሳብ ነው። አንዱ ሰሌዳ በ37 ወራት 29,086 መስፈሪያ ገብስ መመዝገቡን ያሳያል፤ የኃላፊው ስም ኩሺም ተብሎ ይነበባል።

ከኮላ ድባ ብዙም በማይርቀው ጎንደርም በ18ኛው ክፍለ ዘመን የመሬት ሽያጭ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ኅዳግ ላይ ይጻፍ ነበር፤ ሻጩ፣ ገዥው፣ በወቄት ወርቅ የተቆረጠው ዋጋ፣ ዋሱና ምስክሮቹ በስም ተጠቅሰው። ከሻጮቹና ከገዥዎቹ መካከል ሴቶችም ነበሩ። ወንጌል ላይ የሰፈረን ውል ደፍሮ የሚፍቅ በቀላሉ አይገኝምና ብልሃቱ የሚደነቅ ነው።

ከመጻሕፍቱ አንዳንዶቹን አፄ ቴዎድሮስ ወደ መቅደላ አጓጓዟቸው፤ በ1860 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር ወሰዳቸው፤ ዛሬ ለንደን ይገኛሉ።