ኡካራ፦ መሬቷን ሳታሳርፍ የምታርስ ደሴት

ኡካራ የሚለውን ስም ብዙዎቻችን የሰማነው በመጥፎ ዜና ነው። መስከረም 10 ቀን 2011 ዓ.ም "ኤም ቪ ኔሬሬ" የተባለችው ጀልባ ከኡኬሬዌ ደሴት ተነስታ ኡካራ ልትደርስ ጥቂት ሲቀራት ተገልብጣ ከ220 በላይ ሰዎች አለቁ። ዕለቱ የገበያ ቀን ነበር፤ ጀልባዋ ደግሞ የምትችለው 100 ሰው ገደማ ነው።

በግብርና ባለሙያዎች ዘንድ ግን ኡካራ ከዚያ በፊትም ስመ ጥር ነበረች፤ በእርሻዋ!

▪️ የት ናት?
በታንዛኒያ፣ ቪክቶሪያ ሐይቅ ውስጥ፣ ከኡኬሬዌ በስተሰሜን። ስፋቷ ወደ 80 ካሬ ኪሎ ሜትር ብቻ ነው። አፈሯ አሸዋማና ስስ፣ ቦታው ድንጋያማ። ሆኖም እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ እንኳ በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር ከ200 በላይ ሰው ይኖርባት ነበር።

▪️ ታዲያ በምን ኖሩ?
እ.ኤ.አ. ከ1930ዎቹ ጀምሮ ደሴቲቱን ያጠኑ ባለሙያዎች የጻፉት የሚገርም ነው።

ከብቱ ሜዳ ለሜዳ አይለቀቅም። ቤት ውስጥ፣ ወለሉ ዝቅ ተደርጎ በተቆፈረ በረት ይታሰራል። ሣርና ቅጠል ታጭዶ ይቀርብለታል፤ ግጦሽ ስለሌለ በሐይቁ ዳር ጉድጓድ ቆፍረው ለመኖ የሚሆን ሣር ይተክላሉ። ጉዝጓዙ ከእበቱ ጋር እየተረገጠ ፍግ ይሆንና በሰው ሸክም ማሳ ይደርሳል።

ዋናው እህል ድርቅ የሚችለው ቡልቱግ ነበር። በመሃሉ ክሮታላሪያ የሚባል የጥራጥሬ ወገን ተክል ይዘራሉ። ይህ ተክል አይበላም። አድጎ አፈር ውስጥ ይቀበርና ለቀጣዩ ዘር ማዳበሪያ ይሆናል። በሦስተኛው ዓመት የባምባራ ለውዝ ይገባል፣ ከዚያ ዙሩ እንደገና ይጀምራል። መሬቱ ጦም አያድርም ማለት ነው!

ተዳፋቱ በድንጋይ እርከን ተይዟል፤ ረግረጉ ላይ ሩዝ ይበቅላል። መሬቱ ብቻ ሳይሆን እያንዳንዱ ዛፍም ባለቤት አለው።

▪️ እዚህ ጋ ግን አንድ ነገር ልብ በሉ
ይህ ሁሉ በነፃ የመጣ አይደለም። ሣር ማጨድ፣ ውኃ መቅዳት፣ ፍግ መሸከም፣ አፈር መገልበጥ፣ ዓመቱን ሙሉ ፋታ የለም። ለዚህም ነው ከደሴቲቱ ወጥተው ሰፊ መሬት ያገኙ ኡካራዎች ዘዴውን እዚያ ያልቀጠሉበት። እውቀቱ ጠፍቷቸው አይደለም። ሰፊ መሬት ላይ በትንሽ ድካም ብዙ ስለሚገኝ ነው።

"አርሶ አደሩ አፈሩን የማይንከባከበው ስለማያውቅ ነው" የሚል ወሬ ስንት ጊዜ ሰምተናል? ኡካራ የምታሳየው ሌላ ነው። ገበሬ ልፋቱን የሚያሰላው ባለው መሬት ልክ ነው። መሬቱ ሲጠበው ማንም ሳያስተምረው አፈሩን እንደ ልጅ ይይዛል፤ ዋጋውን ግን የሚከፍለው በጀርባው ነው። አዲስ የአፈር ጥበቃ ዘዴ ይዞ ወደ ገጠር የሚወርድ ባለሙያም መጀመሪያ "ይህን ሥራ ማን ይሠራዋል? በስንት ሰዓት?" ብሎ ቢጠይቅ ጥሩ ነው።

እናንተ አካባቢስ መሬት ሲጠብ ገበሬው ምን ዘዴ ፈጠረ? ጻፉልን።