ያልሰገዱት መነኮሳት

ወደ ደሴ ስትሄዱ ደብረ ብርሃንን አልፋችሁ ይሆናል። የከተማዋ ስም ከየት እንደ መጣ ግን ጠይቃችሁ ታውቃላችሁ? የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዜና መዋዕል እንደሚለው፣ ንጉሡ በዚያ ሥፍራ ሳሉ በሰማይ ላይ ብርሃን ታየ። ይህም የሆነው የአባ እስጢፋኖስ ተከታዮች በድንጋይ ከተወገሩ ከ38 ቀን በኋላ ነው። ንጉሡ ብርሃኑን እግዚአብሔር ሥራቸውን እንደ ወደደላቸው ምልክት አድርገው ቆጠሩት፤ ቤተ ክርስቲያንም አሠሩበት። ስሙ ከዚያ ቀረ።

የተወገሩት ሰዎች “ደቂቀ እስጢፋኖስ” ይባላሉ። መምህራቸው አባ እስጢፋኖስ የትግራይ ሰው፣ የአጋሜ ተወላጅ መነኩሴ ነበሩ። የንጉሥ ስጦታ አይቀበሉም፤ በእጃቸው ሥራ ይኖሩ ነበር። ቤተ መንግሥት ተጠርተው ሲቀርቡ ግን በዘመኑ ማንም የማይደፍረውን አደረጉ፤ ለንጉሡ አልሰገዱም። ስግደት ለአብ፣ ለወልድና ለመንፈስ ቅዱስ ብቻ ነው አሉ። ልብ በሉ፣ ንጉሡን “ንጉሥ አይደለህም” አላሉም፤ የከለከሉት ለእግዚአብሔር ብቻ ይገባል ብለው ያመኑትን ነገር ነው። አባ እስጢፋኖስ በእስር ሞቱ። ደቀ መዛሙርታቸው ደግሞ ለመስቀልና ለማርያም ሥዕል አይሰግዱም ተብለው ተከሰሱ፤ አፍንጫቸውና ምላሳቸው ተቆረጠ፤ በኋላም ተወገሩ።

ዘርዐ ያዕቆብን ክፉ ሰው ብቻ አድርጎ መሳል ቀላል ነው። ከ1426 እስከ 1460 ዓ.ም. የነገሡት እኚህ ንጉሥ ግን መጽሐፍ አዋቂ ነበሩ፤ የተከፋፈለችን ቤተ ክርስቲያን አንድ ለማድረግ ደክመዋል። ቅዳሜን እናከብራለን በማለታቸው ለረጅም ጊዜ የተሰደዱትን የአባ ኤዎስጣቴዎስን ወገኖች በ1442 ዓ.ም. በደብረ ምጥማቅ ጉባኤ የተቀበሏቸው እርሳቸው ናቸው። አንዱን እምቢተኛ ሰምተው ሌላውን አስወገሩ። ለምን ይሆን? እኔ እንደሚመስለኝ፣ የቅዳሜው ጥያቄ ዙፋኑን አልነካም፤ የስግደቱ ግን ነካ።

አሁን ወደ ራሴ ልምጣ። ይህን ታሪክ ለዓመታት በወጣቶች ጥናት ላይ ሳስተምር “እነዚህ ከሉተር በፊት የተነሡ ወንጌላውያን ናቸው” እል ነበር። ሁሉም ደስ ይላቸው ነበር፤ እኔንም ደስ ይለኝ ነበር። ባለፈው ዓመት አንዲት የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ እጇን አወጣችና፣ “ጋሼ፣ ገድላቸውን አንብበውታል?” አለችኝ። አላነበብኩትም ነበር። ከሌላ ሰው የሰማሁትን ነበር የማስተምረው። ክፍሉ ጸጥ አለ፤ አንድ ወንድም “መምህርን እንዲህ አይጠየቅም” ብሎ ሊገሥጻት ሞከረ። የቤርያ ሰዎች ጳውሎስን እንኳ ከመጻሕፍት ጋር አመሳክረው ነበር የተቀበሉት፤ ይህን ያስተማርኳቸውም እኔው ነኝ። ስለዚህ ተዋት አልኩት።

ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ገድሉን ከግእዝ ወደ አማርኛ መልሰውታል፤ ገዝቼ አነበብኩት። ያገኘኋቸው ሰዎች እኔ የሳልኳቸው አልነበሩም። ጾመኞች፣ ሰዓታት ጠባቂዎች፣ ለአበምኔታቸው ጥብቅ ታዛዦች የሆኑ የኦርቶዶክስ መነኮሳት ናቸው። ገዳማቸው ጉንዳ ጉንዶም ዛሬ ድረስ የኦርቶዶክስ ገዳም ነው። የእኛን ልብስ ያለበስኳቸው እኔ ነኝ። ያሳፈረኝ ይህ ብቻ አይደለም፤ ምላሳቸው እስኪቆረጥ የጸኑ ሰዎችን እኔ ለክርክር ማድመቂያ አድርጌያቸው ነበር።

በሚቀጥለው ሳምንት ክፍሉ ፊት ቆሜ ስሕተቴን ተናገርኩ። አንዳንዶቹ ቅር አላቸው፤ “ታዲያ የእኛ ካልሆኑ ለምን እንማራቸዋለን?” ያለኝም ነበር። መልሱን ለእነርሱ ትቼ መጽሐፉን ለልጅቷ አዋስኳት። እስካሁን አልመለሰችልኝም፤ ገና ሌሎች ጥያቄዎች አሉኝ ብላለች።