የማላያላም ፊልሞች እና የኬራላ ማኅበራዊ ለውጥ

ኬራላ በደቡብ ምዕራብ ሕንድ፣ በዓረብ ባሕር ዳርቻ የምትገኝ፣ ሩዝ፣ ኮኮናት፣ ጎማና ቅመማ ቅመም የሚመረትባት ግዛት ናት። የማላያላም ቋንቋ ተናጋሪ አካባቢዎችን በማዋሐድ በ1956 ተመሠረተች (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በቋንቋው የሚሠሩ ታዋቂ ፊልሞች ታሪካቸውን ከገበሬው፣ ከዓሣ አጥማጁና ከስደተኛው ኑሮ ስለሚቀዱ የግዛቲቱን የለውጥ ጉዞ ያሳያሉ።

የመጀመሪያው ጥያቄ ሰውን በትውልዱ የሚያበላልጠው የካስት ሥርዓት ነበር። በመጀመሪያው የማላያላም ድምፅ አልባ ፊልም ላይ የተወነችው ፒ.ኬ. ሮዚ ከተናቀው ወገን ተወልዳ የከበርቴ ሴት ገጸ ባሕርይ በመጫወቷ፣ በተቆጡ ሰዎች ጥቃት ከአካባቢዋ ተሰዳለች። በ1954 የወጣው "ኒላኩዪል" ግን አንድ መምህር ከዝቅተኛ ካስት የተወለደችን ሴት አስረግዞ ሲክዳት በማሳየት ሥርዓቱን በይፋ ነቀፈ። በ1965 የቀረበው "ቼሚን" ደግሞ የዓሣ አጥማጆችን ሕይወት ይተርካል። ባል ከባሕር በሰላም የሚመለሰው ሚስቱ ታማኝ ስትሆን ነው የሚለው እምነት የታሪኩ ማጠንጠኛ ነው።

ከ1970 መባቻ ጀምሮ የጭሰኝነት ሥርዓት በኬራላ በሕግ ተሽሯል። የአዱር ጎፓላክሪሽናን "ኤሊፓታያም" (የአይጥ ወጥመድ) ለውጡን ከባለርስቱ ቤት ሆኖ ይመለከታል። ዘመኑ ያለፈበት ባለርስት ሥራ አይሠራም፤ እህቱ እርሱን በማገልገል ጤናዋን ታጣለች፤ ቤቱም ቀስ በቀስ ይፈርሳል። ሕግ መሬትን ቢያከፋፍልም የበላይነት ልማድ በቤት ውስጥ እንደሚቆይ ፊልሙ ያስረዳል።

በተለይ ከ1970ዎቹ ጀምሮ ብዙ የኬራላ ወጣቶች ወደ ባሕረ ሰላጤው ሀገራት ተሰደዋል። "ፓቴማሪ" (2015) ቤተሰቡን ሲረዳ ዕድሜውን በባዕድ ሀገር የጨረሰን ሠራተኛ፣ "አዱጂቪታም" (2024) ደግሞ በሳዑዲ ዓረቢያ በረሃ በግዳጅ ፍየል ጠባቂ የሆነን ስደተኛ ያሳያሉ። ወደ ዓረብ ሀገራት ልጆቹን ለሚልክ የኢትዮጵያ ቤተሰብም ታሪኩ እንግዳ አይደለም።

በ2021 የወጣው "ታላቁ የሕንድ ማዕድ ቤት" ፍጻሜ የሌለውን የሙሽራዋን የቤት ሥራ በማሳየት በትዳር ውስጥ ስላለው እኩልነት ሰፊ ክርክር አስነሥቷል። ጥያቄው ወደ ፊልም ሠሪዎቹም ዞሯል፤ በነሐሴ 2024 ይፋ የሆነ መንግሥት ያቋቋመው ኮሚቴ ሪፖርት፣ ሴት ባለሙያዎች በዘርፉ ወሲባዊ ትንኮሳ እንደሚደርስባቸው አረጋግጧል።