ሸራ ከመዘርጋቱ በፊት፦ የመርከብ ስንቅ ዕዳ በፊቅህ ሊቃውንት ዘንድ

በቀይ ባሕርና በህንድ ውቅያኖስ ወደቦች የመርከብ ጉዞ በንፋስ ወቅት የተወሰነ ነበር። ወቅቱ ያለፈበት መርከብ የዓመት ንግድ ሊያመልጠው ይችላል። በዚህ ጥድፊያ መካከል ጥሬ ገንዘብ ያነሰው ናኹዳ፣ ማለትም የመርከቡ አዛዥ፣ ውሃ፣ እህል፣ ገመድና የሸራ ጨርቅ በዱቤ ይወስዳል። መርከቡ ሲርቅ ስንቁን ያቀረበው ነጋዴ ባሕሩ ዳር ይቀራል። ገንዘቡን ከማን ይጠይቅ? በዚህ ጽሑፍ የፊቅህ ሊቃውንት የሰጡትን መልስ እንመረምራለን።

ሙስሊሞች ስለ ባሕር ሕግ ቀደም ብለው ጽፈዋል። በ310 ዓመተ ሂጅራ (922/923 እ.ኤ.አ.) ያረፉት ሙሐመድ ኢብን ዑመር አል-ኪናኒ «ኪታብ አክሪየት አስ-ሱፉን» በተሰኘው ሥራቸው ስለ መርከብ ኪራይ፣ ስለ መርከበኞች ደመወዝና መርከብን ለማዳን ወደ ባሕር ስለሚጣል ጭነት አትተዋል። የስንቅ ዕዳ ግን መሠረቱ በዕዳ፣ በውክልናና በመያዣ አጠቃላይ ድንጋጌዎች ላይ ነው።

የመጀመሪያው ጥያቄ ባለዕዳው ማን ነው የሚለው ነው። በፊቅህ ዕዳ የሚያርፈው በሰው ዚማ፣ ማለትም ኃላፊነትን በሚሸከም ማንነቱ ላይ ነው። መርከብ ንብረት እንጂ ዚማ ያለው አካል አይደለም። ናኹዳው ለባለቤቱ ከገዛ ወኪል ነው። ሐነፊዮች ሻጩ ዋጋውን ከተዋዋለው ወኪል እንዲጠይቅ፣ ወኪሉም ወደ ባለቤቱ እንዲመለስ ሲያደርጉ፣ ሐንበሊዮች ሻጩ ባለቤቱንም እንዲጠይቅ ይፈቅዳሉ።

ባለዕዳው ቢከስርስ? ቡኻሪና ሙስሊም ከአቡ ሁረይራ (ረ.ዐ.) በዘገቡት ሐዲስ መሠረት፣ ዕቃውን ከከሰረ ሰው ዘንድ እንዳለ ያገኘ ሰው ለዕቃው ከሌሎች ይበልጥ ባለመብት ነው። ማሊክ፣ ሻፊዒና አሕመድ ይህን ለሻጭም ሲያውሉት፣ አቡ ሐኒፋ ሻጩን ከሌሎች አበዳሪዎች እኩል ያደርጉታል። ልዩነቱ በወደብ ላይ ትልቅ ትርጉም አለው። ገመዱ ሳይለወጥ ከተገኘ በብዙኃኑ አቋም ለባለቤቱ ሊመለስ ይችላል። የተበላ እህልና የተጠጣ ውሃ ግን የሚመለስ አካል የለውም። ስለዚህ ስንቅ አቅራቢው ከሁሉም ይበልጥ ለጉዳት የተጋለጠ ነው።

በመሆኑም ዋናው ጥበቃ ከጉዞው በፊት የሚደረግ ነው። አል-በቀራ 282 ዕዳ እንዲጻፍና እንዲመሰከርበት ያዛል፤ 283ኛው አንቀጽ ደግሞ በጉዞ ላይ ጸሐፊ ላጣ ሰው በእጅ የሚያዝ መያዣን ያመለክታል። መያዣ መረከብን ስለሚሻ፣ ሊሄድ የተነሳው መርከብ ራሱ አይመችም፤ ወደብ ላይ የሚቀር ዕቃ ወይም የታመነ ዋስ ይሻላል። ዕዳው ጊዜው ከደረሰና ባለዕዳው መክፈል ከቻለ ደግሞ አበዳሪው ከጉዞ ሊያግደው ይችላል። ችግረኛ ለሆነ ባለዕዳ ግን አል-በቀራ 280 ጊዜ መስጠትን ያዛል።

ከዚህ በተለየ መንገድ፣ በ1926 እ.ኤ.አ. በብራሰልስ የተፈረመው ዓለም አቀፍ ስምምነት አዛዡ ከመነሻ ወደቡ ውጭ ለጉዞው አስፈላጊ ሆኖ የገባውን ዕዳ በመርከቡ ላይ ያሳርፋል። መብቱ መርከቡ ወደ ሌላ እጅ ቢተላለፍም ይከተለዋል፤ የስንቅ ዕዳ መብት ግን ከ6 ወር አያልፍም። አንዱ ሥርዓት ከመነሳት በፊት በስምምነት፣ ሌላው ከመነሳት በኋላ በንብረቱ ላይ ይጠብቃል። ሁለቱም ያዩት አደጋ ግን አንድ ነው።

ከዚህ ታሪክ ለመምህራንና ለኢማሞች የሚቀረው ትምህርት ቀላል ነው። በገበያችን ብዙ ሰው «አላመነኝም ይለኛል» በሚል ይሉኝታ ሰነድና መያዣ ሳይጠይቅ ያበድራል፤ ኋላ ግን ወዳጅነቱም ገንዘቡም ይጠፋል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ግን ለቤተሰባቸው በዱቤ ለወሰዱት 30 ሷዕ ገብስ ጥሩራቸውን ለአንድ አይሁዳዊ በመያዣነት ሰጥተው ነበር፤ ይህችን ዓለም ሲለዩም ጥሩሩ ገና በመያዣ እንደነበር በቡኻሪ ተዘግቧል። እርሳቸው ለምግብ ዕዳ መያዣ ከሰጡ፣ መያዣ መጠየቅ ሰውን መናቅ ሊሆን አይችልም። ስለ ዕዳ ክብደት በጀናዛ ላይ ብቻ ሳይሆን፣ ውል በሚታሰርበት ሰዓትም ልናስተምር ይገባናል።